«ቬጀቴሪያን ነን» ያለው የዋካንዳ ሰው፦ ልዕለ ጀግኖች ሥጋ ሲተዉ ፊልሙ ምን እያለን ነው?

ብላክ ፓንተርን ካያችሁ ይቺን ትዕይንት አትረሷትም። በረዶ በሸፈነው ተራራ ላይ የጃባሪ ጎሳ መሪ ኤምባኩ ዙፋኑ ላይ ተንሰራፍቶ ተቀምጧል። ንግሥት ራሞንዳ፣ ልጇ ሹሪ፣ ናኪያ እና አሜሪካዊው የሲአይኤ ሰው ሮስ እርዳታ ፍለጋ ፊቱ ቆመዋል። ሮስ ጣልቃ ገብቶ ሊናገር ሲል የጃባሪ ተዋጊዎች እንደ ጎሪላ እየጮኹ ዝም ያሰኙታል። ኤምባኩ ደግሞ ይጨምርበታል፤ አንዲት ቃል ብትደግም ለልጆቼ ነው የማበላህ ይለዋል። ቤቱ ጸጥ ይላል። ሮስ ክው ብሎ ይቀራል። ከዚያ ኤምባኩ ከት ብሎ ይስቃል፤ ቀልዴን ነው፣ እኛ ቬጀቴሪያን ነን።

ተመልካች ይስቃል፣ ፊልሙ ወደ ቀጣዩ ውጊያ ይሄዳል። እኛ ግን ዛሬ እዚህች ቀልድ ላይ ትንሽ ልንቆም ነው። ምክንያቱም ከማርቭልና ከዲሲ ፊልሞች ጀምሮ እስከ ቲክቶክ የጂም ቪዲዮዎች ድረስ፣ ጀግና የሚባለው ሰው የሚበላው ነገር መልእክት ይዞ ነው የሚመጣው። አንዳንዱ ያስተምራል፣ አንዳንዱ ይሸጣል፣ አንዳንዱ ሁለቱንም በአንዴ ያደርጋል። (የምንጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ ቀልዱን እንፍታው። ለብዙ ዘመን በምዕራባውያን ካርቱንና ፊልም ላይ አፍሪካዊ የሚሳለው ሰው በላ ተደርጎ ነበር። ነጩ መንገደኛ ትልቅ ድስት ውስጥ ተቀምጦ፣ ከሥሩ እሳት እየነደደ፣ ዙሪያውን ጦር የያዙ ሰዎች ሲጨፍሩ የሚያሳዩት ሥዕሎች ትዝ ይሏችኋል። ሮስ ያን ያህል የደነገጠው ያ ሥዕል ጭንቅላቱ ውስጥ ስላለ ነው። ኤምባኩም ይህን ያውቃል። ለሁለት ሰከንድ ያህል ሮስ የፈራውን ሰው ይሆንለታል፣ ከዚያ ሥጋ እንኳ የማይበላ ሰው መሆኑን ይነግረዋል። የተሳቀው በቬጀቴሪያኑ ላይ አይደለም፤ በፈሪው ላይ ነው። ይህቺን ልዩነት ያዙልን፣ በኋላ እንመለስባታለን።

የሚገርመው ደግሞ የዚህ ሰው የቀድሞ ታሪክ ነው። ኤምባኩ ማርቭል ኮሚክ ላይ መጀመሪያ የታየው በ1969 አቬንጀርስ ቁጥር 62 ላይ ነው። ያኔ የሚጠራው «ማን-ኤፕ» ተብሎ ነበር፤ ግማሽ ሰው ግማሽ ዝንጀሮ እንደማለት። ኃይሉን ያገኘው እንዴት መሰላችሁ? ነጭ ጎሪላ ገድሎ፣ በደሙ ታጥቦ፣ ሥጋውን በልቶ! ከ49 ዓመት በኋላ ዳይሬክተሩ ራያን ኩግለርና አብሮት የጻፈው ጆ ሮበርት ኮል ይህንኑ ሰው ሲያመጡት «ማን-ኤፕ» የሚለውን ስም ጣሉት፣ ጎሪላን ገድሎ ከሚበላ ሰው ይልቅ ጎሪላን የሚያከብር ሕዝብ መሪ አደረጉት፣ ሥጋውንም ከሳህኑ ላይ አነሱ። ያቺ አንድ መስመር ቀልድ እንግዲህ የ1969ኙን ታሪክ የምታርም መስመር ናት። በፊልሙ መጨረሻ ላይም ጦርነቱን የሚያዞረው ማን እንደሆነ ታውቃላችሁ፤ እነዚያ ሥጋ የማይበሉት ተራራማዎች ናቸው ደርሰው የሚያድኑት።

ትንሽ ነገር እንጨምር። የብላክ ፓንተር ኃይል ራሱ ከዕፅ ነው የሚመጣው። ልብ የሚመስለው ያ ሐምራዊ አበባ ተጨምቆ ሲጠጣ ነው ንጉሡ ጀግና የሚሆነው። ኪልሞንገር ዙፋኑን ሲይዝ ከሚሠራቸው የመጀመሪያ ነገሮች አንዱ የአበባውን የአትክልት ሥፍራ ማቃጠል ነው። በ2022ቱ ዋካንዳ ፎርኤቨር ደግሞ ኤምባኩ በምክር ቤት ስብሰባ መሐል ካሮት ሲቆረጥም እናየዋለን። ማንም ምንም አይለውም። ማብራሪያም የለም። ሰውየው ካሮቱን ይበላል፣ ስብሰባው ይቀጥላል። እኛ በበኩላችን ከመጀመሪያው ቀልድ ይልቅ ይቺን ካሮት እንወዳታለን።

አሁን ወደ ራሳችን እንምጣ። አንድ አሜሪካዊ «ሥጋ አንበላም» ሲባል የሚሰማው ነገርና አዲስ አበባ ያለ ተመልካች የሚሰማው ነገር አንድ አይደለም። እዚህ ሥጋ የሌለበት ገበታ ብርቅ ሆኖ አያውቅም። ረቡዕና ዓርብ አለ፣ ሁዳዴ አለ፣ ፍልሰታ አለ። የጾም ማኪያቶ፣ የጾም ኬክ፣ የጾም በርገር ሳይቀር ይሸጣል። ኦርቶዶክስ ያልሆናችሁም ብትሆኑ ከጓደኞቻችሁ ጋር በያይነቱ አዝዛችሁ ታውቃላችሁ። ውጭ አገር ያላችሁ ደግሞ ቪጋን የሆኑ የሥራ ባልደረቦቻችሁ የሐበሻ ምግብ ቤት ውሰዱን ሲሏችሁ ሳትገረሙ አልቀራችሁም። እነሱ በጭንቅ የሚፈልጉት ምግብ እኛ ጋ የተለመደ ምሳ ነው።

ግን ጾምና ቪጋን መሆን አንድ አይደሉም፤ ፊልሞቹን ለመረዳት ይህንን መለየት ያስፈልጋል። የሚጾም ሰው ሥጋን የሚተወው ሥጋ መብላት ስህተት ነው ብሎ አይደለም። የሚወደውን ነገር ለጊዜው ትቶ ሰውነቱን ሊገዛ ነው። ጾሙ ሲፈታ ዶሮው ይቀርባል፣ ቁርጡ ይቆረጣል። የቪጋን ምክንያት በአብዛኛው እንስሳው ነው፣ ወይም የአየር ንብረቱ ነው፣ ወይም ጤናው ነው። ለእሱ ፋሲካ የለውም። ማርን ብቻ እንኳ ብታዩ፣ በጾም ይበላል፤ ቪጋን ግን የንብ ነው ብሎ አይነካውም። ብዙዎቹ የቆዳ ጫማም አያደርጉም። ቬጀቴሪያን የሚባለው መሐል ላይ ነው፤ ሥጋ አይበላም፣ ወተትና እንቁላል ግን በአብዛኛው ይወስዳል። ስለዚህ ኤምባኩ ቬጀቴሪያን ነን ሲል ጾመኛ ነን ማለቱ አይደለም።

እሺ፣ ሌሎቹ ጀግኖች ምን ይበላሉ? በርገር!

ነገሩ የጀመረው ማርቭል ከራሱ ከጀመረበት ፊልም ነው። በ2008ቱ አይረን ማን ቶኒ ስታርክ ከአፍጋኒስታን ዋሻ አምልጦ አገሩ ሲገባ መጀመሪያ የሚጠይቀው አሜሪካን ቺዝበርገር ነው። ወረቀቱ ላይ ያለው የበርገር ኪንግ ምልክት ካሜራው ላይ በደንብ ይታያል። በ2019 ኤንድጌም ላይ ቶኒ ሞቶ፣ ትንሿ ልጁ ሞርጋን ከቀብሩ በኋላ ምን ትፈልጊያለሽ ስትባል ቺዝበርገር ትላለች። ሲኒማ ቤቱ የሚያለቅሰው እዚያ ላይ ነው። በርገሩ 11 ዓመት ሙሉ ከጀግናው ጋር ኖሮ በመጨረሻ ሐውልቱ ሆነ። የመጀመሪያዋ አቬንጀርስም (2012) ስም ዝርዝሩ ካለፈ በኋላ የምታልቀው ጀግኖቹ ደክሟቸው ዝም ብለው ሻዋርማ ሲበሉ ነው።

ከስክሪኑ ውጭ ደግሞ ንግዱ አለ። ዲዝኒ ከማክዶናልድስ ጋር የነበረውን የልጆች ምሳ የአሻንጉሊት ውል በ2006 አቁሞ ነበር። ያኔ በአሜሪካ የሕፃናት ከመጠን በላይ ውፍረት ትልቅ መነጋገሪያ ነበር። በ2018 ከኢንክሬዲብልስ 2 ጋር ተመለሱ። በ2019 ኤንድጌም ሲወጣ የአቬንጀርስ አሻንጉሊቶች ከበርገሩ ጋር በአንድ ካርቶን ይሰጡ ነበር። ክፉ ሴራ ነው እያልን አይደለም፤ ንግድ ነው። ግን አንድ ሰው «ፊልም ውስጥ ስለ አትክልት መብላት ማውራት ስብከት ነው» ሲላችሁ ይህንን አስታውሱት። ስለ ሥጋ ከ2008 ጀምሮ ሲሰበክ ነው የከረመው፤ ስለለመድነው ስብከት አልመሰለንም።

ሥጋ የማይበሉት ጀግኖች ግን በአብዛኛው የሚመጡት ለሳቅ ነው። ቲን ታይታንስን እያያችሁ ያደጋችሁ ቢስት ቦይን ታውቁታላችሁ፤ አረንጓዴው ልጅ። ከሳይቦርግ ጋር በቁርስ ሰዓት ቶፉ ይሻላል ሥጋ ይሻላል እየተባባሉ ይጣላሉ። ቀልድ ነው፣ ግን ልብ ብላችሁ ከሆነ የልጁ ምክንያት አይናቅም። እሱ ወደ ማንኛውም እንስሳ መቀየር ይችላል። ትናንት ራሱ የሆነውን እንስሳ ዛሬ ቁርስ ላይ እንዴት ይብላው? ለልጆች በተሠራ ካርቱን ውስጥ ይህ ጥያቄ በሳቅ ተጠቅልሎ ሹልክ ብሎ ገብቷል።

በሳቁ መንገድ እስከ ጥግ የሄደው ግን የ2010ሩ ስኮት ፒልግሪም ነው። እዚያ ውስጥ ቶድ የሚባል የባንድ ጊታር ተጫዋች አለ። ቶድ ቪጋን ስለሆነ ብቻ ሰውን በሐሳቡ አንስቶ በግድግዳ አልፎ መወርወር ይችላል። ተዋናዩ ብራንደን ራውዝ ነው፤ በ2006 ሱፐርማን ሆኖ የተወነው ሰውዬ! ፍቅረኛው ሆና የምትጫወተው ብሪ ላርሰን ደግሞ በኋላ ካፕቴን ማርቭል ሆናለች። ስኮት ቶድን የሚያሸንፈው በቡጢ አይደለም፤ ወተት የገባበት ቡና በማታለል አጠጥቶት ነው። ወዲያው «የቪጋን ፖሊሶች» ግድግዳ ጥሰው ይገባሉ፣ የቀድሞ ጥፋቶቹን ይዘረዝራሉ፤ አይስክሬም በልቷል፣ ዶሮም በልቷል። ቶድ ዶሮ ቪጋን አለመሆኑን እንኳ አላወቀም ነበር። ኃይሉን ይነጥቁታል።

እዚህ ጋ ያቺን ልዩነት እናምጣት። በብላክ ፓንተር ሳቁ በፈሪው ላይ ነበር፤ እዚህ ሳቁ በራሱ በቪጋኑ ላይ ነው፣ ምክንያቱም ቶድ ከሌላው የተሻልኩ ነኝ እያለ የሚያስመስል ሰው ነው። ትችቱ ደግሞ ውሸት አይደለም። እኛም አገር ቢሆን በጾም ቀን ሌላውን እየተቆጣ፣ ማዕዘን ዞሮ ራሱ የሚቆርጥ ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ። ችግሩ ለብዙ ዓመታት በሆሊውድ ቪጋን ማለት ቶድ ብቻ ሆኖ መቆየቱ ነው።

ሁለተኛው መንገድ ከዚህ ይብሳል፤ ለምድር ያሰበውን ሰው ክፉ ማድረግ። በ2018ቱ አኳማን የባሕሩ ንጉሥ ኦርም የተናደደው ሰዎች ባሕሩን ቆሻሻ መጣያ ስላደረጉት ነው። ቆሻሻውንና የጦር መርከቦቹን በማዕበል ወደ ባሕር ዳርቻ መልሶ ይተፋቸዋል። እውነቱን ለመናገር በዚህ ትዕይንት ላይ ትንሽ ደግፈነዋል! ግን ፊልሙ ጨካኝ ስላደረገው ሲሸነፍ ጥያቄውም አብሮት ይሸነፋል። ታኖስም የሀብት እጥረት አሳስቦኛል ብሎ ነው ግማሽ ዓለም ያጠፋው። ፖይዝን አይቪም ለዕፅዋት ስትል ሰው ትገድላለች። ተመልካቹ ከሲኒማ ሲወጣ ክፉው ተሸንፏል፣ ባሕሩ ግን እንደቆሸሸ ነው፤ ያንን የሚያነሳ የለም።

ሦስተኛው መንገድ ጡንቻ ነው። ይሄኛው ብዙዎቻችሁን በቀጥታ ስለሚነካ እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ።

መነሻው ሩቅ ነው። ኃይሉን ከአትክልት ያገኘ የመጀመሪያው ታዋቂ ጀግና ካፕ የለበሰ ሳይሆን ፒፓ የሚያጨስ መርከበኛ ነው፤ ፖፓይ። በጥር 1929 በጋዜጣ ኮሚክ ላይ ወጣ፤ ደራሲው ኢ. ሲ. ሲጋር ይባላል። ስፒናች (የቆስጣ ዘመድ) ከቆርቆሮ ውስጥ ጭልጥ ሲያደርግ ክንዱ ያብጣል። ስፒናች በሚያመርቱባት የቴክሳሷ ክሪስታል ሲቲ ከተማ በ1937 ሐውልት አቁመውለታል፤ ለካርቱን ገጸ ባሕርይ!

ስለ ፖፓይ የምትሰሙት አንድ ታሪክ ግን ውሸት ነው። «አንድ ሳይንቲስት ነጥብ ያለ ቦታዋ አስቀምጦ የስፒናችን አይረን በ10 እጥፍ አበዛው፣ ፖፓይም ከዚያ ስህተት የመጣ ነው» የሚለውን በየቦታው ታገኙታላችሁ። የታሪኩ ምንጭ ሲጣራ የሚይዝ ማስረጃ አልተገኘለትም። ኮሚኩ ላይ ፖፓይ ራሱ የሚጠቅሰው ቫይታሚን ኤን ነው እንጂ አይረንን አይደለም። ስፒናች አይረን አለው፣ ሰውነት ግን ከሥጋ እንደሚወስደው በቀላሉ አይወስደውም። ሎሚ ወይም ቲማቲም ሲጨመርበት ይሻላል፣ ከምግቡ ጋር ወዲያው ቡና ወይም ሻይ ሲጠጣበት ይቀንሳል። ለጾም ወራት ይህ ከፖፓይ የተሻለ ምክር ነው።

ወደ ዘመናችን ስንመጣ፣ በ2022ቱ ቶር ላይ ናታሊ ፖርትማን መዶሻውን ስታነሳ ክንዷ መነጋገሪያ ሆኖ ነበር። ናታሊ ቪጋን ናት፤ ለዚያ ፊልም ለወራት ክብደት ስታነሳ ሥጋም እንቁላልም አልነካችም። «ያለ ሥጋ ጡንቻ የለም» ለሚለው ጥሩ መልስ ናት። ግን የፊልም ሰውነት እንዴት እንደሚሠራም እወቁት፤ የግል አሠልጣኝ አለ፣ ምግብ የሚያዘጋጅ ሰው አለ፣ ሥራቸው ስፖርት ብቻ የሚሆንባቸው ወራት አሉ፣ መብራትና ካሜራ አለ። ወንዶቹ ልብሳቸውን አውልቀው ለሚታዩበት ቀን ውኃ ሳይቀር ይቀንሳሉ። ስለዚህ ሥጋ የሚበላውም የማይበላውም ጀግና በዚያ ቅርጽ ኑሮውን አይኖርም።

በዚህ መስመር ትልቁን ጫጫታ ያስነሳው ዘ ጌም ቼንጀርስ የተባለው ዘጋቢ ፊልም ነው። በ2018 ሰንዳንስ ላይ ታየ፣ በ2019 ወደ ኔትፍሊክስ መጣ። ከፕሮዲውሰሮቹ መካከል የአቫታሩ ጄምስ ካሜሮን፣ አርኖልድ ሽዋርዘኔገር፣ ጃኪ ቻን፣ ሉዊስ ሃሚልተንና ኖቫክ ጆኮቪች አሉበት። በቃ የልዕለ ጀግና ፊልም ነው የሚመስለው። ከ500 ኪሎ በላይ ተሸክሞ የሚራመደው ቪጋኑ ፓትሪክ ባቡሚያን አለ፤ በዋናነት ገብስና ባቄላ ይበሉ ስለነበሩት የሮማ ግላዲያተሮች ይተረካል። ብዙ ወጣት ይህንን አይቶ ያን ሳምንት ሥጋ ትቷል።

ፊልሙ ትክክል የሆነበት ነገር አለ፤ ሥጋ ሳይበሉ ብርቱ ስፖርተኛ መሆን ይቻላል። ያበዛበት ነገር ደግሞ አለ። ለምሳሌ ሦስት የአሜሪካ ፉትቦል ተጫዋቾችን አንድ ቀን የሥጋ ቡሪቶ፣ በሌላው ቀን የባቄላ ቡሪቶ አብልቶ ደማቸውን በብልቃጥ ያሳያል። የሥጋው ደፍረስ ብሏል፣ የባቄላው ጠርቷል፤ ተመልካች ይደነግጣል። ግን ሦስት ሰው ነው፣ አንድ ጊዜ ነው። ቅባት ያለው ምግብ ከበላችሁ በኋላ ደም ለጥቂት ሰዓት መደፍረሱም የሚጠበቅ ነው። የሥነ ምግብ ባለሙያዎች ፊልሙ የሚደግፉትን ጥናቶች ብቻ እየመረጠ አቅርቧል ብለው ተችተውታል። ካሜሮንና ባለቤቱ ደግሞ ፊልሙ ከመውጣቱ በፊት በ2017 ከአተር ፕሮቲን የሚያመርት ድርጅት አቋቁመው ነበር። ይህ ፊልሙን ውሸት አያደርገውም፤ ግን ተመልካች ማወቅ የነበረበት ነገር ነው። በርገሩ ላይ ያየነውን የንግድ ዓይን እዚህም ላይ ማድረግ አለብን፣ አለዚያ አድልዎ ይሆናል።

ጂም የምትሄዱና ጾም የምትጾሙ ከሆነ ቁጥሩ ይኸው። ለአንድ ጤነኛ አዋቂ የሚመከረው ፕሮቲን በቀን ለእያንዳንዱ ኪሎ ክብደት 0.8 ግራም ነው፤ 70 ኪሎ ከሆናችሁ 56 ግራም ማለት ነው። በርትቶ ለሚሠለጥን ሰው ከ1.2 እስከ 2 ግራም ይመከራል። 100 ግራም የበሰለ ምስር 9 ግራም አካባቢ አለው። ሽሮ፣ ባቄላ፣ ሽምብራ፣ ኦቾሎኒ ሲደመሩ የሚደረስበት ቁጥር ነው፤ ብቻ እንጀራው በዝቶ ወጡ ሲያንስ አይደረስም። ዓመቱን ሙሉ ቪጋን ልሁን ያለ ሰው ግን ቫይታሚን ቢ12ን ከአትክልት አያገኝም፤ በኪኒን ወይም በተጨመረበት ምግብ መውሰድ አለበት። ይህንን የሚነግር ልዕለ ጀግና እስካሁን አላየንም።

የቀረው አራተኛው መንገድ ነው፤ ጀግናው ሥጋ የሚተወው ሕሊናው እምቢ ስላለው የሆነበት። ይህ በኮሚክ መጽሐፍ ውስጥ አለ፣ ወደ ፊልም ሲመጣ ግን መንገድ ላይ ይጠፋል። በ2003 መውጣት በጀመረው ሱፐርማን፦ በርዝራይት ላይ ክላርክ ኬንት ሥጋ አይበላም። ምክንያቱም ዓይኑ ሕይወት ያለውን ነገር ሁሉ የሚከበውን ብርሃን ያያል፣ ሲሞት ብርሃኑ ሲጠፋም ያያል። ከዚያ በኋላ እንዴት ይብላ? ቆንጆ ሐሳብ ነው፤ የሱፐርማን ፊልሞች ግን እስካሁን አልነኩትም። የባትማን ልጅ ዴሚያንም በ2012 ኮሚክ ላይ ቄራ ውስጥ ከተደረገ ውጊያ በኋላ ሥጋ መብላት አቁሞ፣ አንዲት ላም ወደ ቤት ይዞ መጥቷል። ላሟ «ባት-ካው» ተባለች። ለባትማን ደግሞ ዋሻው ውስጥ ቦታ አልጠፋም!

ከሁሉም የሚበልጥብን አኒማል ማን ነው። በዚህ ተከታታይ ላይ ከ1988 እስከ 1990 የጻፉት የስኮትላንዱ ደራሲ ግራንት ሞሪሰን ናቸው። ጀግናው ቡዲ ቤከር የሚስትና የሁለት ልጆች አባት ነው፤ አጠገቡ ያለውን እንስሳ ችሎታ መውሰድ ይችላል። በእንስሳት ላይ የሚደረገውን የላቦራቶሪ ሙከራ ካየ በኋላ ሥጋ ይተዋል፣ ይታገላል፣ ዋጋም ይከፍላል። በመጨረሻው እትም ላይ ደራሲው ራሳቸው ገጸ ባሕርይ ሆነው ገብተው ከቡዲ ጋር ያወራሉ፤ ስብከት እንዳበዙም ያምናሉ። ቶድን የሠሩት ሰዎች በቪጋኑ ላይ ሲስቁ፣ ይህ ደራሲ በራሱ ላይ ጣቱን ቀሰረ። የአኒማል ማን ፊልም ግን እስከ ዛሬ ለሲኒማ አልተሠራም።

ወደዚህ የቀረበው ፊልም የ2023ቱ ጋርዲያንስ 3 ነው። ሮኬት የተባለው ራኩን በልጅነቱ ላቦራቶሪ ውስጥ ምን እንደደረሰበት ያያችሁ ታውቃላችሁ፤ ጓደኞቹ ላይላ፣ ቲፍስና ፍሎር አንድ በአንድ ሲሞቱ ያላለቀሰ ጥቂት ነው። ፔታ የተባለው የእንስሳት መብት ድርጅት ፊልሙን ሸልሞታል። በመጨረሻው ላይ ሮኬት ልጆቹን ብቻ ሳይሆን በየኬጁ ያሉትንም እንስሳት ሳያወጣ አልሄድም ይላል። ስለ ሳህን ግን አንዲት ቃል የለም። ኬጁ እስከ ላቦራቶሪው በር ድረስ ነው የሚታየው።

ከዚያ በር ያለፈው የልዕለ ጀግና ፊልም አይደለም፤ የደቡብ ኮሪያው ቦንግ ጁን-ሆ ኦክጃ ነው (2017፣ ኔትፍሊክስ)። ሚጃ የምትባል የገጠር ልጅ፣ አንድ ኩባንያ ለሥጋ ሲል በላቦራቶሪ የፈጠረውን ግዙፍ አሳማ ለ10 ዓመት አሳድጋዋለች፤ ኩባንያው ሊያርደው ይወስደዋል፣ እሷም ትከተለዋለች። የሚገርመው ሚጃ ቪጋን አይደለችም። ከወንዙ ዓሣ ትይዛለች፣ አያቷ የሚሠሩላትን የዶሮ ሾርባ ትወዳለች። ፊልሙ የሚጣላው ከአያቷ ድስት ጋር አይደለም፤ ከፋብሪካው ጋር ነው። ለእኛ ይህ ልዩነት ትልቅ ነው። የተባበሩት መንግሥታት የምግብና እርሻ ድርጅት በ2013 ባወጣው ሪፖርት፣ ሰው ወደ አየር ከሚለቀው የሙቀት አማቂ ጋዝ 14.5 በመቶው ከእንስሳት እርባታ ነው ብሏል። ግን ከዚህ ቁጥር ፊት በየቀኑ በርገር የሚበላው የቴክሳስ ሰውና፣ በሬውን ለእርሻ አቆይቶ ሥጋን በዓል ሲመጣ የሚያየው የገጠር ገበሬያችን እኩል አይቆሙም።

ዳይሬክተሩ ቦንግ ለዚህ ፊልም ብሎ አሜሪካ ኮሎራዶ ውስጥ አንድ ትልቅ ቄራ ጎብኝቶ ነበር። ከዚያ በኋላ ለሁለት ወር ያህል ሥጋ ትቶ፣ ኮሪያ ሲመለስ ቀስ በቀስ ወደ ሥጋው እንደተመለሰ ራሱ ተናግሯል። ቶድ ይህንን ቢሰማ የቪጋን ፖሊስ ይጠራበት ነበር። እኛ ግን በዚህ ምክንያት ፊልሙን የበለጠ አመንነው።

በኦክጃ መጨረሻ ላይ ሚጃ ኦክጃን የምታስጥለው በጉልበት አይደለም። አያቷ የሰጧትን የወርቅ አሳማ አውጥታ ለኩባንያው አለቃ ትወረውራለች፤ ዋጋዋ ይኸው፣ ልግዛት። አለቃዋ ወርቁን ነክሳ አረጋግጣ ትሸጥላታለች። ሚጃና ኦክጃ በማታ ከግቢው ሲወጡ ከአጥሩ ጀርባ ተራቸውን የሚጠብቁ ሌሎች አሳማዎች ቆመዋል። ሁለቱ ግልገላቸውን በአጥሩ ሥር ገፍተው ያወጡላታል፣ ኦክጃ አፏ ውስጥ ትደብቀዋለች። ከዚያ ተራራው ላይ ያለው ቤት፣ አያቷ፣ ገበታ። ሚጃ ቁጭ ብላ ትበላለች።